የጥፍር ቀለም መቀየር በጅማ፦ መንስኤዎቹና ሕክምናው

ጅማ ውስጥ ጥፍር ቢጠቁርም፣ ቢነጣም፣ ቢጫ ቢሆንም ስሙ አንድ ነው፦ ፈንገስ። ባለቤቱ «ፈንገስ በላኝ» ይላል፤ ሐኪም ሳያየው መድኃኒት ቤት ገብቶ ቅባት ገዝቶ ይወጣል። ግምቱ ግማሽ ያህሉን ጊዜ ልክ ነው። የሕክምና መጻሕፍትም ከጥፍር ሕመሞች ግማሽ የሚጠጋውን ለፈንገስ ይሰጣሉ። ሌላው ግማሽ ግን ከቡና ጭማቂ እስከ ኩላሊት፣ ከጠባብ ጫማ እስከ ካንሰር ይደርሳል። ለዚህኛው ያ ቅባት አይሠራም።

እኔም ከዚህ አላመለጥኩም። አንድ ጊዜ የእግሬ አውራ ጣት ጥፍር ጠቆረና ሦስት ወር ሙሉ የፈንገስ ቅባት ስቀባው ከረምኩ። ኋላ ሲታይ የረጋ ደም ነበር። ያደረሰው ቅዳሜ ቅዳሜ ኳስ የምጫወትበት ጠባብ ጫማ ነው።

ጥፍር እንዴት ያድጋል

ጥፍር፣ በአፋን ኦሮሞ ቄንሳ፣ ኬራቲን ከሚባል ጠንካራ ፕሮቲን የተሠራ ነው። ፀጉርና የከብት ቀንድም ከዚሁ ናቸው። የሚበቅለው ከሥሩ፣ ቆዳ ከሸፈነው ቦታ ነው። አውራ ጣት ላይ የምትታየው ነጭ ግማሽ ጨረቃ የዚህ ማብቀያ ጫፍ ናት። የእጅ ጥፍር በወር 3 ሚሊ ሜትር ገደማ ያድጋል። የእግር ጥፍር ሰነፍ ነው፤ በወር ከ1 እስከ 1.5 ሚሊ ሜትር ቢሆን ነው። ስለዚህ የእጅ ጥፍር ሙሉ በሙሉ ለመታደስ 6 ወር ይፈጅበታል። የእግር አውራ ጣት ጥፍር ደግሞ ከ12 እስከ 18 ወር ይወስዳል።

ይህ ለምርመራ ይጠቅማል። ሰው በከባድ ወባ ወይም በታይፎይድ ሲማቅቅ ጥፍሩ ለጥቂት ቀናት ማደግ ያቆማል። ሲድን ሁሉም ጥፍሮች ላይ አግድም የሆነ ቦይ ይወጣል። ቦዩ ከእጅ ጥፍር ሥር 6 ሚሊ ሜትር ርቆ ከተገኘ፣ ሕመሙ የነበረው የዛሬ ሁለት ወር ገደማ ነው። ከጥፍር ሥር የረጋ ደምም እንዲሁ ከጥፍሩ ጋር ወደ ጫፍ ይጓዛል። በጥቁሩ መነሻ ላይ በእስክሪብቶ መስመር አስምሮ፣ ቀለሙ ሲለቅ እያደሱ፣ ከወር በኋላ ማየት ነው። ጥቁሩ ወደፊት ተገፍቶ ከሥሩ ንጹሕ ጥፍር ከበቀለ ደም የመሆኑ ነገር የሰፋ ነው። ጥፍሩ ገና እንደተመታ በጣም የሚጠዘጥዝ ከሆነ ደግሞ ባለሙያ ቀዳዳ አበጅቶ ደሙን ሲያፈስሰው ወዲያው ቀለል ይላል።

ውሃ፣ ጭቃና ቡና

ጅማ ከአዲስ አበባ በስተደቡብ ምዕራብ 350 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ ከባሕር ጠለል በላይ 1,780 ሜትር ገደማ ላይ ትገኛለች። በዓመት 1,500 ሚሊ ሜትር አካባቢ ዝናብ ታገኛለች። አዌቱ ወንዝ መሐል ከተማዋን አቋርጦ ያልፋል፤ ቦዬ ረግረጉ ራሱ ጎረቤት ነው። ዙሪያዋ ጎማ፣ ማና፣ ሊሙና ሰቃ ናቸው፤ ሁሉም የቡና አገር። የቡና መገኛ ነን ሲባል ከካፋ ወንድሞቻችን ጋር ክርክሩ ስላላለቀ እዚህ ላይ አልፈዋለሁ። የጅማን እጅና እግር ለማወቅ ግን ቡናና እርጥበትን ማየት ይበቃል።

ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ የለቃሚ ጣት ማየት ነው። እሸቱን ቡና ሲለቅሙና ሲፈለፍሉ የሚወጣው ጭማቂ በጥፍሩ ዳርና ሥር ይገባል፤ አየር ሲያገኘው ቡናማ፣ ሲቆይ ጥቁር ይሆናል። አይጠዘጥዝም፣ አይሸትም፣ ጥፍሩንም አያወፍረውም። ለቀማው ሲያልቅ ከጥፍሩ ጋር አድጎ ይቆረጣል። እንሰት የሚፍቁ እናቶች፣ ሊስትሮዎችና የጋራዥ ልጆችም እንዲህ ያለ ቀለም አላቸው። ይህ ሕክምና አያሻውም።

ቡና ማጠቢያ ጣቢያ ላይ ያለው ግን ሌላ ነው። እዚያ እጅና እግር ሰዓታት ሙሉ ውሃ ውስጥ ናቸው። ልብስ አጣቢዎች፣ የምግብ ቤት ዕቃ አጣቢዎችና ቀኑን ሙሉ ሲኒ የሚያለቀልቁ ቡና አፍሊዎችም እንዲሁ። ውሃና ሳሙና የጥፍሩን ሥር የምትዘጋዋን ስስ ቆዳ ያነሷታል። በዚያ ክፍተት ካንዲዳ የሚባል እርሾ መሰል ፈንገስ ይገባል። የጥፍሩ ዙሪያ ያብጣል፣ ይቀላል፣ ሲጫኑት ያማል። ጥፍሩም ከጎን በኩል መጥቆርና መጎርበጥ ይጀምራል።

ጥፍር አረንጓዴ ሲሆን ብዙ ሰው ይደነግጣል። አድራጊው ሲውዶሞናስ የሚባል እርጥበት ወዳድ ባክቴሪያ ነው፤ ቀለሙን የሚያወጣው እሱ ራሱ ነው። ከመሠረቱ በተላቀቀ ጥፍር ሥር ወይም ሳሎን ውስጥ በተለጠፈ አርቴፊሻል ጥፍር ሥር ይመቸዋል። የተላቀቀው ክፍል ይቆረጣል፣ እጅ ደረቅ ሆኖ ይቆያል። አንድ እጅ አቼቶ በአራት እጅ ውሃ በጥብጦ ጣትን በቀን ሁለቴ ለጥቂት ደቂቃ መንከር የታወቀ ዘዴ ነው። ካልለቀቀ ሐኪም የአንቲባዮቲክ ጠብታ ያዝዛል። ዕቃ የሚያጥብ ሰው ከላስቲክ ጓንት ሥር ስስ የጥጥ ጓንት ቢያደርግ ይመከራል። ላስቲኩ ብቻውን ያልባል፤ ላብ ደግሞ ያው ውሃ ነው።

ሒና፣ እንሶስላና ኩቴክስ

ሙስሊሙ በሚበዛበት ጅማ በሠርግና በኢድ ሰሞን ሒና ይደምቃል። እንሶስላም የሚያሞቁ አሉ። ሁለቱም ጥፍርን ቀይ ወይም ብርቱካናማ ያደርጋሉ፤ ጉዳት የላቸውም፣ ከጥፍሩ ጋር አድገው ያልቃሉ። «ጥቁር ሒና» እየተባለ የሚሸጠው ግን ብዙ ጊዜ የፀጉር ማቅለሚያ ኬሚካል ይቀላቀልበታል፤ ቆዳን አቃጥሎ ውሃ ሊቋጥር ይችላል። ቀይ ኩቴክስ ከሥሩ መጀመሪያ የሚቀባው መከላከያ ሳይኖር ሲደጋገም ጥፍርን ቢጫ ያደርገዋል። ጥቂት ወር ማረፍ መድኃኒቱ ነው። የአጫሽ ሰው ጣት ቢጫነት ሁሉም የሚያውቀው ነው።

ሙጀሌ

ይህን እዚህ የማነሳው ከሩቅ ሲታይ ጥፍር የጠቆረ ስለሚመስል ነው። ሙጀሌ ቁንጫ ናት፤ ሴቷ ከ1 ሚሊ ሜትር ታንሳለች። አቧራማ ወለል ላይ ባዶ እግር ስታገኝ ትገባለች፤ በተለይ የእግር ጥፍር ዳር ትወዳለች። በሁለት ሳምንት ውስጥ አብጣ አተር ታክላለች። ነጭ እብጠት መሐሉ ላይ ጥቁር ነጥብ ካለው ነጥቡ የሙጀሌዋ የኋላ ጫፍ ነው፤ እንቁላሏን የምትጥለው በዚያ ነው። ብዙ ሲሆኑ ጥፍሩ ይጣመማል፣ ይወድቃልም። ወደ አፍሪካ የመጣችው ከደቡብ አሜሪካ ሲሆን፣ በ1872 እ.ኤ.አ. በአንጎላ በኩል በመርከብ እንደገባች ተጽፏል። የዓለም ጤና ድርጅት በ2017 እ.ኤ.አ. እከክንና መሰል የቆዳ ጥገኞችን ትኩረት ከተነፈጋቸው በሽታዎች መዝገብ ሲያስገባ እሷም አብራ ተቆጥራለች።

ገጠር ውስጥ እናት ልጇን ጭኗ ላይ አስተኝታ በመርፌ ወይም በእሾህ ታወጣለታለች። እጇ ቀላል ከሆነ ቁንጫዋ ሳትፈነዳ ሙሉዋን ትወጣለች። መርፌው ካልተቀቀለና ከልጅ ወደ ልጅ ከተዘዋወረ ግን ቁስሉ ያመረቅዛል፤ ቴታነስም ያሰጋል። ነጭ ጋዝ የሚቀቡ አሉ፤ ቆዳ ያቃጥላል። አሁን የተሻለው ዲሜቲኮን የሚባል የሲሊኮን ዘይት ነው፤ ያለ መርፌ ቁንጫዋን አፍኖ ይገድላል።

ከውስጥ የሚመጣ

ጥፍር ላይ የምትታየው ነጭ ነጥብ «ካልሲየም አንሶሃል» ያስብላል። አይደለም፤ ከቀናት ወይም ከሳምንታት በፊት ጥፍሩ ተመቶ ነበር ማለት ነው። ሁሉም ጥፍሮች ሲገረጡና እንደ ማንኪያ ሲጎደጉዱ የብረት እጥረት ይጠረጠራል። መንጠቆ ትል የሚባለው ደም መጣጭ የአንጀት ትል በሚገኝበት አካባቢ ሰገራ መመርመርም ከዚሁ ጋር ይሄዳል። ግማሹ ነጭ፣ ወደ ጫፉ ያለው ግማሽ ቡናማ ከሆነ የቆየ የኩላሊት ሕመም፣ ከጫፉ ጠባብ መስመር በቀር ሁሉም ከነጣ ደግሞ የጉበት ወይም የልብ ችግር ይታሰባል። ጥፍር ድንገት ሰማያዊ ሆኖ ትንፋሽ ካጠረ ወደ ድንገተኛ ክፍል ነው። ዚዶቩዲን የሚባለው የኤችአይቪ መድኃኒትና አንዳንድ የካንሰር መድኃኒቶችም ጥፍር ያጠቁራሉ፤ ለዚያ ብሎ መድኃኒት ማቆም አይገባም።

ጥቁር መስመር

ቀጭን ጥቁር ወይም ቡናማ መስመር ከጥፍር ሥር እስከ ጫፍ ቀጥ ብሎ መውረዱ እንደኛ ጠቆር ባለ ሕዝብ ዘንድ የተለመደ ነው፤ ዕድሜ ሲጨምር ይበዛል። በብዙ ጣቶች ላይ ከሆነና ለዓመታት ካልተቀየረ ጸጋ ነው ብሎ መተው ይቻላል። አንድ ጣት ላይ ብቻ፣ በተለይ የእጅ ወይም የእግር አውራ ጣት ላይ ወጥቶ እየሰፋ ከሄደ፣ ቀለሙ ከጥፍሩ አልፎ ቆዳውን ካጠቆረ ወይም ጥፍሩ ከተሰነጠቀና ከደማ ግን ሜላኖማ የተባለው ካንሰር ሊሆን ይችላል። ብዙ አይገጥምም። ሲገጥም ግን ዘግይቶ ይገኛል፤ ፈንገስ ነው እየተባለ ቅባት ይቀባልና። የሚለየው ከሥሩ ቁራጭ ተወስዶ ሲመረመር ነው።

የት ይታያል

ዱሮ ጥፍር የባህል ሐኪም ጉዳይ ነበር።

ዘመናዊው ሕክምና የሚጀምረው ከሆስፒታሉ ነው። በጣሊያን ወረራ ዘመን ለወታደሮች ተብሎ የተቋቋመው ሆስፒታል እያደገ መጥቶ ዛሬ የጅማ ዩኒቨርሲቲ ሕክምና ማዕከል ሆኗል። በ1983 እ.ኤ.አ. የጅማ ጤና ሳይንስ ኢንስቲትዩት ተከፈተ። ከ1952 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከነበረው የእርሻ ኮሌጅ ጋር በ1999 እ.ኤ.አ. ተዋህዶ ጅማ ዩኒቨርሲቲ ተባለ። ማኅበረሰብ ተኮር ትምህርትን በአገራችን ፈር የቀደደው ይህ ግቢ ነው ብንል ማጋነን አይሆንም። ተማሪዎቹ ከክፍል ወጥተው ቀበሌና ገጠር ይሰማራሉ፤ ቤት ለቤት ይዞራሉ፣ የልጆችን እግር ያያሉ። የቆዳ ሐኪም የሚያየው ሰው ከደቡብ ምዕራብ ሁሉ ይመጣል። እርግጥ ወረፋው አያስደስትም። ቢሆንም ጥፍር ለማሳየት አዲስ አበባ መሄድ የግድ አይደለም።

ፈንገስ ሲሆን

ብዙውን ጊዜ አድራጊው ትራይኮፋይተን ሩብረም ነው፤ የእግር ጣቶችን መሐል የሚልጠውም እሱ ነው። ከዚያ ወደ ጥፍር ይሻገራል። ጥፍሩ ከጫፉ ቢጫ ወይም ቡናማ ይሆናል፣ ይወፍራል፣ ከሥሩ እንደ አይብ ፍርፋሪ ይወጣል። ቀኑን ሙሉ ቦቲ ወይም ኮንጎ ጫማ ያደረገ እግር ይመቸዋል። ዕድሜና ስኳር በሽታም ያባብሱታል። ስኳር ያለበት ሰው ጉዳዩን ለመልክ ብሎ ብቻ እንዳያየው፤ ወፍራም ጥፍር ቆዳን ወግቶ ቁስል ይከፍታል።

ምርመራው ቀላል ነው። በምላጭ ከጥፍሩ ሥር ያለው ፍርፋሪ ይፋቃል። መስታወት ላይ አድርጎ ፖታሲየም ሃይድሮክሳይድ ጠብ ያደርጉበታል፤ ጥፍሩ ይሟሟል፣ ፈንገሱ ይቀራል። በማይክሮስኮፕ ሲታይ ቅርንጫፍ ያወጣ ቀጭን ክር ይመስላል። አንዳንድ ሐኪሞች በዓይን አይተው ያክማሉ፤ ያም ያስኬዳል ይባላል። እኔ ግን ወራት የሚዋጥ ክኒን ያለ ምርመራ መጀመር አይዋጥልኝም።

ቅባት ብቻውን ወፍራም ጥፍር ውስጥ አይገባም። ጥፍሩ ጫፉ ላይ ብቻ ከተያዘ እንደ ኩቴክስ የሚቀቡ አሞሮልፊን 5% ወይም ሲክሎፒሮክስ 8% አሉ። ዋናው ክኒን ተርቢናፊን ነው፦ ለአዋቂ በቀን 250 ሚሊ ግራም፣ ለእጅ 6 ሳምንት፣ ለእግር 12 ሳምንት። ኢትራኮናዞል በወር አንድ ሳምንት እየተዋጠ ይታረፋል፤ ልቡ ለደከመ ሰው አይሰጥም። ግሪሶፉልቪን የቆየ መድኃኒት ነው፤ ከቅባት ምግብ ጋር ለብዙ ወራት ይዋጣል፣ ውጤቱም ደካማ ነው። የሚዋጥ ኬቶኮናዞል ግን ለጥፍር ፈጽሞ አይሆንም፤ በጉበት ጉዳት ምክንያት ከ2013 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የአሜሪካም የአውሮፓም ተቆጣጣሪዎች አስጠንቅቀውበታል። የጉበት ሕመም ያለበት፣ የቲቢ መድኃኒት የሚወስድ ወይም ነፍሰ ጡር የሆነች ሁሉ ለሐኪሙ አስቀድሞ መናገር አለበት። ነጭ ሽንኩርትና ሎሚ የሚያስሩም አሉ። ነጭ ሽንኩርቱ ታስሮ ካደረ ቆዳውን ይልጠዋል።

ጎን ለጎን የጣቶቹን መሐል ማከም፣ ካልሲ መቀያየር፣ ጫማን ፀሐይ ላይ ማስጣት፣ የጥፍር መቁረጫ ለብቻ መያዝ ያስፈልጋል። ካልሆነ ፈንገሱ ከዚያው ጫማ ይመለሳል።

ሰዎች የሚያቋርጡት ለውጥ አጣን ብለው ነው። ጥቅምት ላይ፣ ቡናው ሲቀላ ክኒን የጀመረ ሰው ጥር ላይ ይጨርሳል። ያኔ ጥፍሩን ቢያየው ከሥሩ 3 ወይም 4 ሚሊ ሜትር ብቻ ጠርቷል፤ የቀረው እንደነበረ ነው። ሙሉውን ንጹሕ ጥፍር የሚያየው የሚቀጥለው ቡና ሲለቀም ነው፤ የአንዳንዱም ከዚያ አልፎ በልግ ይገባል።