የታሪፍ ኮታ ምንድን ነው? የአሜሪካ የታሸገ ቱና ገበያ እንደ ማሳያ

አዲስ አበባ ውስጥ በሱቆች መደርደሪያ ላይ የሚታየው የቱና ቆርቆሮ ብዙውን ጊዜ በዘይት የታሸገ ነው። ዋሽንግተን ወይም ዳላስ የሚኖር ኢትዮጵያዊ ሱፐርማርኬት ሲገባ ግን የመደርደሪያውን ሰፊ ቦታ ይዞ የሚያገኘው በውኃ የታሸገውን ቱና ነው። ለዚህ ልዩነት ዘወትር የሚጠቀሰው ምክንያት ጤና ሲሆን፣ አሜሪካውያን ስብና ካሎሪ መቁጠር ከጀመሩ ወዲህ የዘይቱን ትተው ወደ ውኃው ማዘንበላቸው እውነት ነው። ይሁን እንጂ ጉዳዩ ከሸማቹ ምርጫ አስቀድሞ በጉምሩክ ታሪፍ መጽሐፍ ውስጥ ተወስኖ ነበር ማለት ይቻላል። ከውጭ የሚገባ በዘይት የታሸገ ቱና 35 በመቶ መደበኛ ቀረጥ ሲጠየቅበት፣ ያለ ዘይት የታሸገው ግን 6 ወይም 12.5 በመቶ ብቻ ይከፍላል። በዚህ «6 ወይም 12.5» በሚለው አማራጭ ውስጥ ያለው አሠራር የታሪፍ ኮታ ይባላል።

የታሪፍ ኮታ ማለት አንድ አገር ከውጭ በሚገባ አንድ ዓይነት ዕቃ ላይ ሁለት የቀረጥ መጠን አውጥቶ፣ በዓመቱ ውስጥ እስከ ተወሰነ ብዛት ድረስ የሚገባው ዝቅተኛውን ቀረጥ፣ ከዚያ ብዛት በላይ የሚገባው ደግሞ ከፍተኛውን ቀረጥ እንዲከፍል የሚያደርግበት ሥርዓት ነው። ተራ ኮታ ከሚባለው የሚለየውም በዚሁ ነው፤ ተራ ኮታ ሲሞላ በሩ ይዘጋል፣ የታሪፍ ኮታ ሲሞላ ግን በሩ ክፍት ሆኖ የመግቢያው ዋጋ ይጨምራል። የዓለም የንግድ ድርጅት ደንብ በመርህ ደረጃ የመጀመሪያውን የሚከለክል ሲሆን ሁለተኛውን ይፈቅዳል። በ1995 በሥራ ላይ የዋለው፣ የኡራጓይ ዙር የተባለው ዓለም አቀፍ የንግድ ስምምነት አገሮች የግብርና ምርቶችን የሚያግዱባቸውን ኮታዎች ወደ ታሪፍ እንዲቀይሩ ካስገደደ በኋላ የታሪፍ ኮታ በስኳር፣ በወተት ተዋጽኦና በሥጋ ንግድ ውስጥ በሰፊው የታወቀው በዚህ ምክንያት ነው። የአሜሪካ ቱና ግን ከዚያ ስምምነት በብዙ ዓመታት ይቀድማል። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ነገሩ በገንዘብ ሲታይ የበለጠ ይገባል። አንድ አስመጪ 50,000 ዶላር የሚያወጣ በውኃ የታሸገ ቱና አስመጣ እንበል። ኮታው ሳይሞላ ካስገባው 3,000 ዶላር ቀረጥ ይከፍላል፤ ኮታው ከሞላ በኋላ ያው ዕቃ 6,250 ዶላር ያስከፍለዋል። ዓሣው በዘይት የታሸገ ቢሆን ኖሮ ሂሳቡ 17,500 ዶላር ይደርስ ነበር። የታሸገ ምግብ በትንሽ ትርፍ በብዛት የሚሸጥ ዕቃ በመሆኑ፣ በአንድ ጭነት ላይ የሚገኝ የ3,250 ዶላር ልዩነት አስመጪው ከማን እንደሚገዛ፣ መቼ እንደሚያስጭንና የት እንደሚያከማች ለመወሰን በቂ ነው።

የዚህ ሥርዓት አመጣጥ በጥሞና ሊታይ የሚገባው ነው። ቱና በአሜሪካ በቆርቆሮ መታሸግ የጀመረው በ1903 ካሊፎርኒያ ውስጥ በሳን ፔድሮ ሲሆን፣ ምክንያቱም የሰርዲን እጥረት ነበር። ፋብሪካዎቹ ሲስፋፉ በዘይት የታሸገ ቱና የአገሪቱ ዋና ምርት ሆነ። በ1951 መጀመሪያ ላይ ከሜክሲኮ ጋር የነበረው የንግድ ስምምነት ሲቋረጥ፣ በዘይት በታሸገ ቱና ላይ የነበረው 22.5 በመቶ ቀረጥ ወደ 45 በመቶ ተመለሰ። በዚያን ጊዜ ዋነኛዋ የውጭ አቅራቢ ጃፓን ነበረች። ጃፓናውያኑ ታሪፉን መርምረው አንድ ክፍተት አገኙ፤ ቀረጡ የተጣለው «በዘይት» በታሸገው ላይ ብቻ ነበርና፣ በጨው ውኃ የታሸገ ቱና «ሌላ የተዘጋጀ ዓሣ» በሚለው መደብ ውስጥ ወድቆ 12.5 በመቶ ብቻ ይከፍል ነበር። ይህ መጠን ራሱ ዝቅ ያለው በ1943 ከአይስላንድ ጋር በተደረገ ስምምነት ሲሆን፣ ለአይስላንድ ዓሣ ተብሎ የተሰጠው ቅናሽ የጃፓን ቱና መግቢያ ሆነ።

በጨው ውኃ የታሸገው ቱና ገበያውን ሲያጥለቀልቅ የካሊፎርኒያ አሻጊዎችና ዓሣ አጥማጆች ወደ ዋሽንግተን አቤቱታቸውን አሰሙ። በ1956 ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር ባወጡት አዋጅ፣ በአንድ ዓመት የሚገባው በጨው ውኃ የታሸገ ቱና አሜሪካ ባለፈው ዓመት ካሸገችው 20 በመቶ እስኪደርስ ድረስ 12.5 በመቶ፣ ከዚያ በላይ የሆነው ደግሞ 25 በመቶ እንዲከፍል ተደነገገ። በኋላ በተደረጉ ዓለም አቀፍ ድርድሮች ሁለቱ መጠኖች ወደ 6 እና 12.5 ዝቅ ሲሉ፣ የዘይቱም ወደ 35 ወረደ። የሥርዓቱ አጥንት ግን ሳይለወጥ ቀረ።

የተለወጠው መለኪያው ነው። ኮታው በአገር ውስጥ ምርት ላይ የተመሠረተ በነበረበት ጊዜ አንድ እንግዳ ውጤት ያስከትል ነበር፤ የአሜሪካ ፋብሪካ ሲዘጋ ምርቱ ይቀንሳል፣ ምርቱ ሲቀንስ በዝቅተኛ ቀረጥ የሚገባው ብዛትም አብሮ ይቀንሳል። በ1980ዎቹ መጀመሪያ በካሊፎርኒያ የሳንዲያጎና የተርሚናል አይላንድ ፋብሪካዎች ተራ በተራ ሲዘጉ ይህ ጉድለት ጎልቶ ታየ። አሁን በሥራ ላይ ያለው ስሌት የኮታውን መጠን ባለፈው ዓመት አሜሪካ ውስጥ ከተበላው የታሸገ ቱና 4.8 በመቶ ያደርገዋል። በተግባር ይህ በዓመት 15 ሺህ ቶን አካባቢ ሲሆን፣ አገሪቱ በየዓመቱ ከምታስገባው ከ100 ሺህ ቶን በላይ የታሸገ ቱና ጋር ሲነጻጸር ጥቂት ነው። ስለዚህ አብዛኛው ዕቃ የሚገባው በ12.5 በመቶ ነው ማለት ነው።

ታዲያ ያ ጥቂቱ ለማን ይደርሳል? አንዳንድ አገሮች ኮታቸውን ለአቅራቢ አገሮች ያከፋፍላሉ፣ ሌሎች በፈቃድ ወይም በጨረታ ይሸጣሉ። የቱና ኮታ ግን ቀድሞ ለመጣ የሚሰጥ ሲሆን፣ የታይላንድ፣ የቬትናም ወይም የኢኳዶር ድርሻ ተብሎ የተለየ ነገር የለውም። አስመጪዎች በዓመቱ መጨረሻ ወራት ዕቃቸውን አስመጥተው ቀረጥ ሳይከፍሉ በጉምሩክ ቁጥጥር ሥር ባለ መጋዘን ያስቀምጡና አዲሱ ዓመት ሲገባ ሰነዳቸውን በአንድ ጊዜ ያቀርባሉ። በመክፈቻው ሰዓት የቀረበው ከኮታው ከበለጠ ጉምሩክ ለሁሉም በተመጣጣኝ ድርሻ ያካፍላቸዋል። እዚህ ላይ ፍትሐዊነቱ ሊጠየቅ ይገባል። ሥርዓቱ በወረቀት ላይ ለሁሉም እኩል ቢሆንም፣ በብዙ ሺህ ካርቶን የሚቆጠር ዕቃ ለወራት በመጋዘን አስቀምጦ፣ ገንዘቡንም አስሮ መጠበቅ የሚችለው ትልቁ አስመጪ ነው። አንድና ሁለት ኮንቴይነር የሚያመጣ አነስተኛ ነጋዴ በመጋቢት ወይም በሰኔ ሲደርስ የሚጠብቀው ከፍተኛው ቀረጥ ነው። የኮታው ጥቅም ለሸማቹ ዋጋ ከመቀነስ ይልቅ መጋዘን ባለው አስመጪ ኪስ ውስጥ የሚቀርበት ዕድል ሰፊ ነው።

የአቅራቢዎችን ካርታ የሠራው ግን ኮታው ብቻውን አይደለም፤ በዙሪያው ያሉት ጎን መንገዶችም ናቸው። ከእነዚህ ዋነኛው በንግዱ «ሎይን» የሚባለው ነው። ሎይን ማለት ዓሣው በእንፋሎት ከተቀቀለ በኋላ ቆዳው፣ አጥንቱና ጥቁር ሥጋው በእጅ ተለይቶ፣ ንጹሑ ሥጋ በትልልቅ ከረጢት ታሽጎ የቀዘቀዘበት ነው። ቱና በማሸግ ሥራ ብዙ የሰው ጉልበት የሚጠይቀው ይህ የማጽዳት ክፍል ነው። ከ6.8 ኪሎ በላይ በሆነ መያዣ ወደ አሜሪካ የሚገባ ሎይን የሚከፍለው መደበኛ ቀረጥ በኪሎ 1.1 ሳንቲም ነው፤ አሥር ቶን ቢሆን 110 ዶላር። ይህን ቁጥር ከላይ ከተጠቀሰው 6,250 ጋር ላስተያየ ሰው፣ የማጽዳቱ ሥራ ደመወዝ ዝቅተኛ ወደሆነባቸው አገሮች ሄዶ፣ ቆርቆሮ የመሙላቱና የማሸጉ ሥራ አሜሪካ ውስጥ በማሽን የቀረበት ምክንያት ግልጽ ይሆንለታል። በ2009 ቺክን ኦፍ ዘ ሲ የተባለው ድርጅት በአሜሪካን ሳሞዋ የነበረውን ፋብሪካ ዘግቶ በጆርጂያ ግዛት ላየንስ ከተማ ከውጭ በመጣ ሎይን የሚሠራ አነስተኛ ፋብሪካ የከፈተው በዚህ ስሌት ነው። ባለቤቱ የታይላንዱ ታይ ዩኒየን ነው።

ሁለተኛው መንገድ ያው አሜሪካን ሳሞዋ ነው። ይህ በደቡብ ፓስፊክ የሚገኝ ግዛት የአሜሪካ ቢሆንም ከአገሪቱ የጉምሩክ ክልል ውጭ ነው። የውጭ አገር መርከቦች ያጠመዱትን በቀጥታ በፓጎ ፓጎ ወደብ ማራገፍ ይችላሉ፤ በዚያ የታሸገው ቱና የተወሰነ መስፈርት አሟልቶ ሲገኝ፣ በውኃም ሆነ በዘይት ቢሆን፣ ያለ ቀረጥና ያለ ኮታ ወደ ዋናው ምድር ይገባል። ከ1950ዎቹ ጀምሮ የደሴቲቱ ኢኮኖሚ በዚህ ልዩ መብት ላይ ቆሟል። ከ2007 በኋላ የፌዴራሉ ዝቅተኛ ደመወዝ ሕግ በደረጃ ሲጨምር ግን የመብቱ ጥቅም እየሳሳ ሄደ፤ ዛሬ በዚያ የቀረው ትልቅ ፋብሪካ ባለቤትነቱ የደቡብ ኮሪያው ዶንግዎን የሆነው ስታርኪስት ነው። አንድ ደሴት በሩቅ ዋና ከተማ በወጣ የታሪፍ አንቀጽ ላይ ኑሮውን መሥርቶ፣ የአንቀጹ ጥቅም በቀነሰ ቁጥር ሠራተኞቹ ሲሰናበቱ ማየት፣ ቀረጥ የቁጥር ጉዳይ ብቻ ነው ለሚል ሁሉ በቂ መልስ ነው።

ሦስተኛው መንገድ ለአንድ አገር ወይም ለአንድ አካባቢ የሚሰጥ ልዩ ቅናሽ ነው። በ2002 አሜሪካ ያወጣችው፣ ኢኳዶርን ጨምሮ የደቡብ አሜሪካ የአንዲስ ተራሮች አገሮችን የሚመለከተው የንግድ ሕግ በቆርቆሮ ሳይሆን በተጣጣፊ ከረጢት የታሸገ ቱና፣ ዓሣው በአሜሪካ ወይም በተጠቃሚዎቹ አገሮች መርከብ የተጠመደ እስከሆነ ድረስ፣ ከቀረጥ ነጻ እንዲገባ ፈቀደ። ቆርቆሮውን ያልጠቀሰው በአሜሪካ ፋብሪካዎች ላይ ጫና እንዳይመጣ ነበር። ኢኳዶር የከረጢት ቱና አቅራቢ ሆና ጎልታ የወጣችውም በዚሁ ዘመን ነው፤ መብቱ በ2013 ሲያበቃ ወደ መደበኛው ቀረጥ ተመለሰች። የሜክሲኮ ዕጣ ደግሞ ተቃራኒ ነበር። በሰሜን አሜሪካ ነጻ የንግድ ስምምነት መሠረት በቱናዋ ላይ የነበረው ቀረጥ በ2008 ሙሉ በሙሉ ቢነሣም፣ መርከቦቿ ዶልፊን ተከትለው መረብ የሚጥሉ በመሆናቸው «ለዶልፊን ጉዳት የለውም» የሚለውን ምልክት ማግኘት አልቻለችም። ያለ ምልክቱ ትልልቆቹ ሱፐርማርኬቶች አይገዙም ነበር። ክርክሩ በዓለም የንግድ ድርጅት ዘንድ ከአሥር ዓመት በላይ ቆይቶ በ2019 ለአሜሪካ ተፈርዶ አበቃ። ዜሮ ቀረጥ ይዛ ከገበያው በር ላይ የቀረችው ሜክሲኮ፣ 12.5 በመቶ እየከፈለች ገበያውን የመራችው ታይላንድ ናት።

ስለ አቅራቢዎች የሚወጡ አኃዞችን የሚያነብ ሰው በዚህ ሁሉ ምክንያት ሁለት ነገሮችን ልብ ማለት ይገባዋል። የመጀመሪያው ወሩ ነው። የአሜሪካ የገቢ ንግድ አኃዝ በሁለት መንገድ ይቆጠራል፤ አንደኛው ዕቃው አገሪቱ ሲደርስ፣ ወደ ጉምሩክ መጋዘን ቢገባም እንኳ የሚመዘግበው ሲሆን፣ ሁለተኛው ቀረጥ ተከፍሎ ለገበያ ሲለቀቅ የሚመዘግበው ነው። በሁለተኛው አቆጣጠር የጃንዋሪ ቁጥር ዘሎ ቢታይ ሰዎች በዚያ ወር ቱና አብዝተው በሉ ማለት ላይሆን ይችላል፤ በመጋዘን ተቀምጦ የኮታውን መከፈት ሲጠብቅ የቆየው ዕቃ መለቀቁ ሊሆን ይችላልና።

ሁለተኛው የአገሩ ስም ነው። «አቅራቢ፦ ታይላንድ» ሲባል ዓሣው የተዘጋጀበትን እንጂ የተጠመደበትን ባሕር አይናገርም። የታይላንድ ፋብሪካዎች የሚያሽጉት ስኪፕጃክ የተባለው የቱና ዝርያ በአብዛኛው በምዕራብና በመካከለኛው ፓስፊክ፣ የታይዋንን፣ የኮሪያን፣ የጃፓንንና የደሴት አገሮችን ባንዲራ በያዙ መርከቦች ተጠምዶ፣ በረዶ ሆኖ የሚደርሳቸው ነው። በታሸገ ዕቃ ሰንጠረዥ ውስጥ ታይላንድ ዝቅ ስትል ታይላንዳዊው ሥራ ቀነሰ ማለትም አይደለም፤ ያው ፋብሪካ በዚያው ዓመት ሎይን ልኮ ከሆነ ቁጥሩ የሚገኘው በሌላ የታሪፍ መስመር ላይ፣ በኪሎ 1.1 ሳንቲም በሚከፍለው ዕቃ ሥር ነው። የታሸገውንና ሎይኑን ጎን ለጎን ያላስቀመጠ ሪፖርት ስለ አቅራቢዎቹ የሚነግረው ግማሹን ብቻ ነው።