ስለ አሰብ ነዳጅ ማጣሪያ ደጋግመን የምንሳሳተው

የነዳጅ ዋጋ በጨመረ ቁጥር የአሰብ ማጣሪያ ስም ይነሳል። ኬሚካል ምህንድስና ስለማስተምር ወሬው ክፍል ድረስ ይከተለኛል፤ ከነስህተቱ። አሁንስ ሰለቸኝ።

«ደርግ ነው ያሠራው» ይባላል። የሠራችው ሶቪየት ኅብረት መሆኗ እውነት ነው። ብድሩ የተገኘው ግን በ1959 (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ዐፄ ኃይለ ሥላሴ ሞስኮን ሲጎበኙ ነው። ማጣሪያው በ1967 ሥራ ሲጀምር ደርግ የሚባል ነገር አልነበረም።

«የኦጋዴንን ነዳጅ ያጣራ ነበር»ም ስህተት ነው። ድፍድፉ፣ ማለትም ያልተጣራው ነዳጅ፣ ይመጣ የነበረው ከውጭ በመርከብ ነው። ኦጋዴን ውስጥ ካሉብ ላይ የተገኘው በዋናነት የተፈጥሮ ጋዝ ነው፤ አሰብም አልደረሰም።

«ጦርነቱ ዘጋው» ለሚሉት ደግሞ ዓመቱን ማየት ይበቃል። ማጣሪያው የቆመው በ1997 ነው። የኢትዮጵያና የኤርትራ ጦርነት የተነሳው በግንቦት 1998። ከኤርትራ ነፃነት በኋላም ኢትዮጵያ እዚያው ታስጣራ ነበር። የዘጋው ወጪው ነው፤ ተጣርቶ የመጣውን መግዛት ይሻል ነበር።

እኔን የሚያናድደኝ ግን ይሄ ነው፦ «ማጣሪያው ቢኖረን ቤንዚን በርካሽ እንቀዳ ነበር»።

በምን ሂሳብ? ድፍድፉ ራሱ በዓለም ገበያ ዋጋ፣ በዶላር ነው የሚገዛው። ማጣሪያ ሊያድን የሚችለው በድፍድፉና በተጣራው መካከል ያለችውን ልዩነት ብቻ ነው። እሷም የምትገኘው ሁሉም ምርት ጥሩ ገዢ ካገኘ ነው።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ድፍድፍ እስከ 350 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ይሞቅና በረጅም የማጣሪያ ማማ ውስጥ እንደየክብደቱ ይለያያል። ቡታጋዝና ቤንዚን ከላይ፣ ላምባና ናፍጣ ከመሃል ይወጣሉ። ከታች የሚቀረው ለከባድ ጥቁር ናፍጣ (ለፋብሪካ ምድጃ የሚነድ ነዳጅ) ይሆናል። ከመካከለኛው ምሥራቅ ድፍድፍ ይሄ ቅሪት ብዙ ጊዜ 40 በመቶና ከዚያ በላይ ነው። «ቤንዚን ብቻ ስጠኝ» ብሎ ማዘዝ የለም። ቅሪቱን ሰባብሮ ወደ ቤንዚንና ናፍጣ የሚቀይር ሌላ ውድ መሣሪያ ይፈልጋል። አሰብ ይሄ መሣሪያ የሌለው ቀላል ማጣሪያ ነበር።

አገሪቱ ደግሞ የተጠማችው ናፍጣ ነው፤ ለአውቶቡስ፣ ለጭነት መኪና። በአሰብ ዘመን ጥቁሩን ሲሚንቶ ፋብሪካዎችና ጥቂት ሌሎች ይወስዱ ነበር። መብራታችን በዋናነት እንደ ቆቃና ፊንጫ ካሉ የውሃ ግድቦች ይመጣ ስለነበር ኃይል ማመንጫዎቻችን ብዙም አይፈልጉትም ነበር። ስለዚህ የተረፈው ወደ ውጭ ይሸጥ ነበር፤ አብዛኛውን ጊዜ ድፍድፉ ከተገዛበት ባነሰ ዋጋ! አጎቴ በአሰብ መስመር የቦቴ ሹፌር ነበር። ማጣሪያው እየሠራም፣ ከውጭ ተጣርቶ የመጣ ናፍጣ ይጭን እንደነበር ነግሮኛል።

መጠኑም አለ። አሰብ በዓመት የሚያጣራው ከ1 ሚሊዮን ቶን በታች ነበር። የሕንዱ ጃምናጋር ማጣሪያ ከ60 ሚሊዮን ቶን በላይ ያጣራል። ትንሹም ትልቁም ጠባቂ፣ ላቦራቶሪ፣ ጥገና ያስፈልገዋል። ወጪው በትንሿ ምርት ላይ ሲከፋፈል ለእያንዳንዱ ሊትር ይከብዳል።

ማጣሪያ አያስፈልግም እያልኩ አይደለም። ሙያተኛ ያፈራል፤ የራስ ድፍድፍ ካለ ደግሞ ሂሳቡ ይለወጣል። ግን «ማጣሪያ ይሠራልን» የሚል ሰው ስታገኙ እነዚህን ጠይቁልኝ፦ ድፍድፉ የማን ነው? ቅሪቱን የሚሰባብር መሣሪያ ይኖረዋል? ከሌለውስ ጥቁሩን ናፍጣ ማን ይገዛዋል?