መልክዐ ምድር ምንድን ነው?

ስለ ዘጋቢ ፊልም በሚሰጡ አስተያየቶች ውስጥ «መልክዐ ምድሩ እንዴት ውብ ነው!» የሚል ቃል ደጋግሞ ይገጥመኛል፤ ፊልሙን ፈልጌ ስመለከተው ግን አብዛኛውን ጊዜ የማገኘው በድሮን የተቀረጸ፣ ሰው የማይታይበት፣ ዋሽንት የታከለበት ተራራ ነው። በቅርቡም አንድ አስተያየት ሰጪ እንጦጦ ግርጌ ስለቀረጽነው ሥራ ሲጽፉ፣ እንጨት ተሸካሚዎቹ ሴቶች በዝተው የሰው እጅ ያልነካውን ደን እንደሸፈኑባቸው አማርረዋል።

ያ ደን ባሕር ዛፍ ነው። ከአውስትራሊያ የመጣው ይህ ዛፍ፣ አዲስ አበባ ማገዶ ባጠራት በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን፣ በ1880ዎቹ (በኢትዮጵያ አቆጣጠር) መተከል የጀመረ ሲሆን፣ ከባሕር ማዶ መምጣቱን ስሙ ራሱ ይናገራል። ሲቆረጥ ከጉቶው ያቆጠቁጣል፤ ሴቶቹም ቅጠሉንና ጭራሮውን ተሸክመው ሲወርዱ ቁልቁለቱን በቀጫጭን መንገዶች ሸንሽነውታል። ሸፈኑት የተባለውን መልክ የሰጠው የሰው እጅና እግር ነው።

መልክዕ የሚባለውን የቤተ ክርስቲያን ድርሰት የሚያውቅ ሰው ነገሩ አይጠፋውም። ደራሲው ቅዱሱን «ውብ ነህ» ብሎ አያልፈውም፤ ከዝክረ ስሙ ጀምሮ ለጠጉሩ፣ ለዐይኑ፣ ለከናፍሩ፣ እስከ እግሩ ጥፍር ድረስ «ሰላም» እያለ፣ ለእያንዳንዱ አምስት አምስት ስንኝ እየሰጠ ይወርዳል። የምድርም መልክ እንዲሁ ነው የሚቀረጸው። አስቀድሞ ነዋሪው ቦታውን የሚጠራበት ስም ይመጣል፤ በከተማው ዙሪያ ይህ ስም ብዙ ጊዜ ኦሮምኛ ነው፣ በለገጣፎና በለገዳዲ ውስጥ ያለው «ለገ» ወንዝ ማለት ነውና (ለገሃር ግን ከፈረንሳይኛ የመጣ ነው፣ አይደባለቅ)። ከዚያ ማሳው፣ ወሰኑ፣ የጎርፍ መውረጃው፣ አውድማው ይከተላሉ። ድሮን ከዚህ ሁሉ አንዱን ክፍል ያደርሳል፤ የማሳ ወሰን ከላይ ሲታይ በደንብ እንደሚለይ አልክድም። መልክዕ ደግሞ በእግር ጥፍር አያበቃም፤ ለፀዓተ ነፍሱ (ነፍሱ ከሥጋው ለመለየቷ)፣ ለግንዘቱና ለመቃብሩም ሰላም ይላል። አምና ጤፍ የተወቃበት አውድማ ዘንድሮ ብሎኬት ተከምሮበት ለሚያይ የከተማ ዳር ፊልም ሠሪ ይህ ክፍል የግድ ነው። ንጽጽሩ የሚጎድለው ቅዱሱ «ይህን አታንሣ» ስለማይል ነው፤ ገበሬ ይላል፣ ሲልም ካሜራው ይዘጋል።

ሰው በመልክዐ ምድር ውስጥ ስለገባ ብቻ ግን ምስሉ እውነት አይሆንም። ረጅም ሌንስ ርቀትን ያጣብቃል፤ በእግር ግማሽ ሰዓት የሚያስኬድ ኮንዶሚኒየም ከጎጆው ጀርባ የተገተረ ያስመስላል። እኔም ይህን ስላማረልኝ ብቻ አድርጌ፣ ቀረጻውን ለጎጆው ባለቤት አሳየኋቸው። አዛውንቱ ጎንበስ ብለው ስክሪኑን ጥቂት ካዩ በኋላ ዞር ብለው ማሳቸውን ተመለከቱ።

«ልጄ፣ ይኼ ፎቅ መቼ ነው እንዲህ የተጠጋን?» አሉኝ።

ቀረጻውን ከፊልሙ አወጣሁት።