ያገባች ሴት ስሟ አይቀየርም፦ ስለ ስም በየቀኑ የምሰማቸው ስህተቶች

ስራዬ ፎርም መሙላት ነው፣ ጎንደር ፒያሳ አካባቢ ካለች አንዲት ጽሕፈት ቤት ቁጭ ብዬ የፓስፖርት በሉት የዲቪ በሉት የስኮላርሺፕ በሉት ስሞላ እውላለሁ። ሰው ስለ ስም የሚያወራውን ስህተት ብዙውን ሰምቼ አልፈዋለሁ፣ አንዱን ግን ማለፍ አቅቶኛል፣ እሱ ጋ እስክደርስ ቀላል ቀላሉን ላውጣ።

«ፋሲለደስ ንፁህ የግዕዝ ስም ነው»፦ አይደለም፣ የሰማዕት ስም ሆኖ ከግሪክ ነው የመጣው፣ በነሱ ባሲሊዴስ ነው። ይሄን ማወቅ ፋሲል የሚለውን ስም ምንም አይቀንስበትም።

«አለም ሰገድ፣ አድያም ሰገድ ነገሥታቱ ሲወለዱ የወጣላቸው ስም ነው»፦ የንግሥና ስም ነው እንጂ። አለም ሰገድ ማለት ራሳቸው አፄ ፋሲለደስ ናቸው፣ አድያም ሰገድ ደግሞ የልጅ ልጃቸው ታላቁ ኢያሱ። አሳይመንት ሊያስፅፉ የሚመጡ ተማሪዎች እቴጌ ምንትዋብን፣ ወለተ ጊዮርጊስን እና ብርሃን ሞገሳን ሶስት እቴጌዎች አድርገው ይሰጡኛል፣ የጎንደር ልጅ ሆኖ ምንትዋብ ያሠሩት ቁስቋም አጠገብ አድጎ! ወለተ ጊዮርጊስ የክርስትና ስማቸው ነው፣ ብርሃን ሞገሳ የንግሥና ስማቸው፣ ሴትየዋ አንድ ናቸው።

«ስም የልጁን እድል ይወስናል»፦ የኛ ስም በአብዛኛው የሚናገረው ስለ ልጁ ሳይሆን ስለ ወላጁ ነው። ካሳ፣ ምትኩ፣ ማስረሻ የተባለ ሰው ካያችሁ ብዙ ጊዜ ከሱ በፊት ቤቱ ውስጥ የሞተ ሰው አለ፣ ልጁ በሰው ሀዘን ነው የሚጠራው። ጋና ያሉ አካኖች ደግሞ ልጅ በተወለደበት ቀን ነው ስም የሚሰጡት፣ ኮፊ አናን አርብ የተወለደ፣ ክዋሜ ንክሩማ ቅዳሜ የተወለደ ማለት ነው በቃ፣ እድል ምናምን የለበትም።

«ቻይናዎችም ስማቸው እንደኛ ነው፣ መጀመሪያ የራስ ከዛ የአባት»፦ የቤተሰቡ ነው የሚቀድመው። ሺ ጂንፒንግ ላይ ሺ የሚለው ነው የቤተሰቡ ስም።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። «ውጭ ሀገር ለመሄድ ሚስት ላስት ኔሟን የባሏ ማድረግ አለባት።» ይሄን ማን እንደጀመረው አላውቅም ግን ከተማው ውስጥ እንደ ህግ ነው የሚወራው፣ አስተማሪውም ያወራዋል፣ ነጋዴውም ያወራዋል፣ ይባስ ብሎ ፎርም እንሞላለን የሚሉ ሰዎች ራሳቸው ያወሩታል።

እስቲ ነገሩን አስቡት። ባልየው ሙሉጌታ ታደሰ ነው እንበል። ታደሰ ማነው? አባቱ ነው። ሚስቱን አልማዝ ታደሰ ብላችሁ ስትሞሉ ሴትየዋን የአማቷ ልጅ አደረጋችኋት፣ በኛ አቆጣጠር የባሏ እህት ሆነች ማለት ነው። ልጃቸው ደግሞ ዮናስ ሙሉጌታ ነው። ስለዚህ «ቤተሰቡ አንድ ላስት ኔም ይኑረው» የተባለው እንኳን አልተሳካም፣ ትርፉ የሴትየዋን አባት ማጥፋት ብቻ ነው።

ባለፈው ክረምት አንዲት የአዘዞ ልጅ ወረቀቷን በፌስታል ይዛ መጣች። ባሏ ውጭ ነው፣ አንድ ቦታ ያስሞላችው ፎርም ላይ የባሏን አባት ስም ፅፈውላታል። ፓስፖርቷ፣ የስምንተኛ ክፍል ካርዷ፣ የቀበሌ መታወቂያዋ፣ የጋብቻ ሰርተፍኬቷ ሁሉም በራሷ አባት ነው። ስሙ አልገጥም ብሎ ተጨማሪ ማስረጃ አምጪ ተባለች፣ እሱ ሳያንስ ሌላው መካሪ ደግሞ ፍርድ ቤት ሄደሽ የአባትሽን ስም አስቀይሪ አላት። «አባቴ ሞቷል፣ ስሙን ደግሞ በፍርድ ቤት ላጥፋው?» ብላ እፊቴ አለቀሰች። ስህተቱ የነበረው አንዷ ሳጥን ላይ ነው፣ እሷን አስተካክለን የጋብቻ ሰርተፍኬቱን ከትርጉሙ ጋር አያያዝንላት።

«የውጭ ሀገር ህግ ነው» ለምትሉኝ፣ የትኛው ውጭ? ስፔን ሴት አግብታም በራሷ ስም ናት፣ ቻይናም ኮሪያም እንደዛው። ካናዳ ኩቤክ ውስጥ ከ1981 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ሚስት ስለተጋባች ብቻ የባሏን ስም በህግ መያዝ አትችልም። ጃፓን በተቃራኒው ባልና ሚስት አንድ የቤተሰብ ስም እንዲይዙ ህጉ ያስገድዳል። አይስላንድ ጭራሽ እንደኛ ናቸው፣ ብዙው ሰው የቤተሰብ ስም የለውም፣ ወንዱ የጆን ወንድ ልጅ ሴቷ የጆን ሴት ልጅ እየተባለ ይሄዳል፣ የስልክ ማውጫቸው እንኳን በመጠሪያ ስም ተራ ነበር የሚታተመው። ቱርኮችም የቤተሰብ ስም በህግ የመጣባቸው በ1934 እ.ኤ.አ. ነው። እኛም ጋ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ህግ የቤተሰብ ስም የሚባል ነገር ፅፎ ነበር፣ ህዝቡ ግን በአባቱ ስም መጠራቱን አልተወም።

ፈረንጅ የኛን ስም ስላልገባው እኛ መቀየር የለብንም። ሮም ላይ በባዶ እግሩ ሮጦ ያሸነፈው አበበ ነው፣ እነሱ ግን እስከዛሬ ቢቂላ ይላሉ፣ ቢቂላ አባቱ ናቸው። ከዚሁ ከጎንደር አካባቢ፣ ከነወለቃ፣ ወደ እስራኤል የሄዱትን ቤተ እስራኤሎች ደግሞ «ስማቸውን ጣሉት» እያለ የሚወቅስ ሰው አለ። ብዙዎቹ ሲደርሱ የዕብራይስጥ ስም ተሰጣቸው፣ የአባት ወይ የአያት ስማቸው የቤተሰብ ስም ተብሎ ተመዘገበ። እነሱ የጣሉት ነገር የለም።

እና እባካችሁ እንዲህ አድርጉ። ፎርሙ ላይ ፓስፖርታችሁ ላይ ያለውን፣ በየትኛው ሳጥን እንዳለ አይታችሁ፣ እያንዳንዷን ፊደል ገልብጡ። ፀሐይ የሚለው ስም በላቲን ፊደል አንዱ ወረቀት ላይ በዋይ፣ ሌላው ላይ በአይ ከተፃፈ ፎርሙን ለሚያዩት ሁለት ሰው ነው። ገብረ ማርያምን፣ ወልደ ገብርኤልን ለሁለት አትክፈሉ፣ ገብረ ልጅ ማርያም አባት ሆነው የተመዘገቡ ስንት ወረቀቶች አይቻለሁ። የክርስትና ስም መታወቂያችሁ ላይ ከሌለ ፎርም ላይ አይገባም። ሚስት መሆንን የሚያስረዳው የጋብቻ ሰርተፍኬት ነው፣ ለዛ ነው የሚጠየቀው። እኔ ጋ የምትመጡ ደግሞ ካሁኑ እወቁት፣ ባልየው ከውጭ ደውሎ ቢቆጣም የሚስቱን አባት ስም አላወጣም፣ ፎርሙን ሌላ ቦታ ያስሞላ።