አውጉስቶ አልጌሮ፦ ከባርሴሎና እስከ ስፔን ፊልምና ቴሌቪዥን

አውጉስቶ አልጌሮ እ.ኤ.አ. በ1934 በባርሴሎና ተወልዶ በ2011 በደቡብ ስፔኗ ቶሬሞሊኖስ ከተማ ያረፈ ካታላን (የሰሜን ምሥራቅ ስፔኗ የካታሎኒያ ተወላጅ) የዜማ ደራሲ፣ አቀናባሪና የኦርኬስትራ መሪ ነው። አባቱም ሙዚቀኛ ስለነበር ሙያውን ያገኘው ከቤቱ ነው። ከመቶ በላይ ለሆኑ ፊልሞች ሙዚቃ ጽፏል፤ ስሙን የማያውቅ ስፔናዊ እንኳ ከዜማዎቹ አንዱን ሳያንጎራጉር ያደገ አይመስልም።

አልጌሮ ሥራውን በጀመረበት ዘመን የስፔን ሲኒማ ቤቶች የሚሞሉት በዘፈን በታጀቡ ቀላል ኮሜዲዎች ነበር። ስለዚህ ከሙዚቃ ደራሲው የሚጠበቀው ትዕይንቱን ከጀርባ ማጀብ ብቻ ሳይሆን ተመልካቹ ከአዳራሹ ሲወጣ ይዞት የሚሄድ ዜማ መስጠትም ነበር። በ1958 ለቀይ መስቀል በማድሪድ ጎዳናዎች ገንዘብ ስለሚያሰባስቡ ወጣት ሴቶች ለተሠራው ፊልም ሙዚቃውን የጻፈው እሱ ነው። በ1962 ደግሞ የአገሩ ሕዝብ እንደ ልጁ ይወዳት ለነበረችው ታዳጊ ኮከብ ለማሪሶል «ቶምቦላ»ን ሠራ።

ከሁሉ ይበልጥ ዕድሜ ያገኘው ግን በ1965 ሆሴ ሉዊስ ሳኤንስ ደ ኤሬዲያ ባዘጋጀው «የቴሌቪዥን ታሪኮች» በተሰኘ ፊልም ውስጥ ተዋናይቷ ኮንቻ ቬላስኮ የዘፈነችው «ላ ቺካ ዬዬ» ነው። «ዬዬ» የሚለው ቃል የመጣው የእንግሊዝ ባንዶች በዘፈኖቻቸው መካከል ከሚያሰሙት ጩኸት ሲሆን፣ በጊዜው የአዲሱ ወጣት ትውልድ መጠሪያ ሆኖ ነበር። ግጥሙ የአንቶኒዮ ጊሃሮ ነው፤ አንዲት ሴት ፍቅሯን ልብ ያላለላትን ሰው፣ ጸጉሯ የተንጨባረረ፣ ባለቀለም ስቶኪንግ ያደረገችና በእንግሊዝኛ የምትዘፍን የዘመኑን ልጅ ሂድና ፈልግ ትለዋለች። አልጌሮ ይህን በነሐስ መሣሪያዎች ድምፅ ከፍቶ፣ ዜማውን ድምፀ መረዋ ያልሆነ ሰው እንኳ ሊዘፍነው በሚችል አጫጭር ሐረግ ከፋፍሎታል። እንዲህ ያለ ቅለት በቸልታ የሚገኝ አይደለም፤ ትልቅ ሙያ ይጠይቃል።

የስፔን ብሔራዊ ቴሌቪዥን መደበኛ ሥርጭቱን የጀመረው በ1956 ነበር፤ አልጌሮም ከጣቢያው ጋር አብሮ አደገ ማለት ይቻላል። አገሪቱ በ1961 በፈረንሳይዋ ካን ከተማ ለመጀመሪያ ጊዜ በዩሮቪዥን፣ ማለትም በአውሮፓ አገሮች የዘፈን ውድድር፣ ስትሳተፍ ኮንቺታ ባውቲስታ የዘፈነችው «ኤስታንዶ ኮንቲጎ» ዜማው የእሱ ነበር። በ1969 ውድድሩ በማድሪድ ሲካሄድ፣ የባርሴሎናዋ ሳሎሜ 14 ኪሎ ግራም ገደማ የሚመዝን፣ በሸክላ ዶቃ የተንቆጠቆጠ ቀሚስ ለብሳ ስትዘፍን ኦርኬስትራውን የመራው አልጌሮ ነው። በዚያ ምሽት ስፔን፣ ብሪታንያ፣ ኔዘርላንድስና ፈረንሳይ እኩል 18 ነጥብ አገኙ፤ እኩልነትን የሚፈታ ደንብ ስላልነበረም አራቱም አሸናፊ ተባሉ። በቀጣዩ ዓመት ለወጣቱ ሁልዮ ኢግሌሲያስ ኦርኬስትራ የመራውም እሱ ነበር።

ያ ዘመን ለካታላን ሙዚቀኛ ቀላል አልነበረም። ስፔንን በአምባገነንነት ይገዛ የነበረው የፍራንኮ መንግሥት የካታላን ቋንቋን ከአደባባይ ገፍቶት ነበር፤ በ1968 ዘፋኙ ጆዋን ማኑኤል ሴራት በዩሮቪዥን በካታላንኛ ካልሆነ አልዘፍንም ብሎ ቦታውን ለዘፋኟ ማሲኤል ሲለቅ፣ ከብሔራዊው ቴሌቪዥን ተገለለ። አልጌሮ የተጓዘው በሌላ መንገድ ነው፤ ታዋቂ ዘፈኖቹ በስፓኒሽ ናቸው፤ ሥራውም ከዚያው ጣቢያ ጋር የተቆራኘ ነበር። ሆኖም በ1969 ሁለቱ የባርሴሎና ልጆች «ፔኔሎፔ»ን አብረው ሠሩ፤ ግጥሙ የሴራት፣ ዜማው የአልጌሮ። የክት ልብሷን ለብሳ፣ ቡናማ የቆዳ ቦርሳዋን ይዛ በባቡር ጣቢያ አግዳሚ ወንበር ላይ የምትጠብቅ ሴት ታሪክ ነው፤ ፍቅረኛዋ ከብዙ ዓመት በኋላ ሲመለስ ግን እሷ የምትጠብቀው እሱን እንዳልሆነ ትነግረዋለች።