ሃሎዊን፣ ደብተራ፣ ዱካክ፣ ቡዳ፦ ጎጃም ቤታችን አንድ ምሽት የተባሉ የተሳሳቱ ነገሮች እና እውነታው

ጥቅምት ሲገባ ጎጃም ላይ ማታ ማታ ይበርዳል። ሰው ወደ እሳቱ ይጠጋል። ልጆች ሳለን አያቴ «ተረት ተረት» ትላለች፣ እኛ «የላም በረት» ብለን ጉልበታችንን አቅፈን እንቀመጣለን። አያ ጅቦ ከመጣ በኋላ ብቻውን ደጅ የሚወጣ ልጅ የለም። ግን ነገ ማታም «ድገሚልን» እንላለን።

ዘንድሮ በዚያው ቤት፣ በዚያው እሳት ዙሪያ የእህቴ ልጅ ስልኩን አሳየን። የተፈለፈለ ዱባ፣ ውስጡ ሻማ፤ ጭንብል አድርገው፣ አፅም የተሳለበት ልብስ ለብሰው በየደጁ የሚዞሩ ልጆች። «ሃሎዊን ምንድን ነው?» አለ። ሁሉም በአንድ ጊዜ መለሰለት። ወሬው ከዚያ ወደ ደብተራ፣ ወደ ዱካክ፣ ወደ ቡዳ ሄደ። ከተባለው ብዙው ልክ አልነበረም። አንድ በአንድ ላንሳው።

«ሃሎዊን የሰይጣን ልደት ነው።» አይደለም። ስሙ ራሱ የቅዱሳን ሁሉ ዋዜማ ማለት ነው። የምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን ኖቬምበር 1 ቀን ቅዱሳንን ሁሉ ታስባለች፣ ዋዜማው ኦክቶበር 31 ነው። በእኛ አቆጣጠር አብዛኛውን ዓመት ጥቅምት 21፣ በማርያም ቀን ይውላል። ከክርስትናው በፊት ደግሞ አየርላንድና ስኮትላንድ ውስጥ ሳዊን የሚባል በዓል ነበር። አዝመራ ተሰብስቦ፣ ከብት ከግጦሽ ተመልሶ፣ ብርዱ የሚጀምርበት ቀን ነው። በዚያ ሌሊት ሙታን ወደ ሕያዋን ይቀርባሉ ተብሎ ይታመን ነበር። ዱባውም የመጣው በኋላ ነው። አየርላንዶች የሚፈለፍሉት ሥራ ሥር ነበር። በ1840ዎቹ እ.ኤ.አ. ድንቻቸውን በሽታ ፈጀውና በረሃብ ብዙዎች ወደ አሜሪካ ተሰደዱ። እዚያ ዱባ ሞልቷል፣ ለመፈልፈልም ይቀላል። ይህን ስል አክብሩት ማለቴ አይደለም። የማይፈልግ ይተወው። ለልጅ ግን ያልሆነውን ነው ብሎ መንገር አልወድም።

«ታዲያ ለምን በአበባ ወቅት አፅም ይለብሳሉ?» አለች እናቴ። ጥሩ ጥያቄ ነው፣ ግን አበባው የእኛ ነው። እኛ ጋ መፀው ከመስከረም 26 ጀምሮ ምድር የምታብብበት ነው። እነሱ ጋ በዚሁ ጊዜ ቅጠል ይረግፋል፣ ጨለማ ይረዝማል። ጎጃም ላይ በዓመቱ ረጅምና አጭር ቀን መካከል ያለው ልዩነት አንድ ሰዓት ተኩል እንኳ አይሞላም። ደብሊን ላይ ከ9 ሰዓት ይበልጣል። ፀሐይ እንዲህ የምትሸሸው ሕዝብ በዚያ ሰሞን ስለ ሞት ቢያስብ አይገርመኝም።

«እኛ አገር እንዲህ ዓይነት ነገር የለም» የሚለውም ግማሽ እውነት ነው። ጭንብልና አፅም የለንም። ልጆች በቡድን በየደጁ መዞራቸው ግን አለን። ነሐሴ 13 ቡሄ ነው፤ ጅራፍ ይጮኻል፣ «ሆያ ሆዬ» ይባላል፣ ሙልሙል ይሰጣል። እንግሊዝ አገር ድሮ ልጆች በየቤቱ ሄደው ለሙታን ነፍስ እየጸለዩ ትንሽ ዳቦ ይቀበሉ ነበር። ጨለማን በእሳት መቀበልም አለን። እኛ መንደር ደመራ የሚለኮሰው መስከረም 17 ገና ሳይነጋ ነው። በጭለማው የችቦ ሰልፍ ከየቤቱ ሲወጣ ማየት፣ ከዚያ «እዮሃ አበባዬ»! እስካሁን ሰውነቴን ውርር ያደርገኛል።

መንፈስ የሚወጣው እኩለ ሌሊት ነው የሚለውን ልጁ ያመጣው ከፊልም ነው። የእኛ ሰው ይበልጥ የሚፈራው ቀትርን ነው። «በቀትር ወንዝ አትውረድ» ያልተባለ የጎጃም ልጅ ማን አለ? ዳዊቱም የቀትር ጋኔን ይላል።

«ደብተራ ሌሊት ከአጋንንት ጋር ያወራል።» ይህን አጎቴ ነው ያለው። ጎጃም በዚህ ወሬ ከሩቅም ከቅርብም ስሟ ስለሚነሳ ትንሽ ልቆይበት። ዋሸራ፣ ጎንጅ፣ ዲማ፣ ደብረ ኤልያስ የሚባሉት የጎጃም የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ቦታዎች የታወቁት በቅኔ ነው። የቆሎ ተማሪው ደበሎውን ለብሶ፣ አኮፋዳውን ይዞ፣ ከውሻ ጋር እየታገለ ለምኖ ይማራል። ጉባኤ ቃና በምትባለው ባለ ሁለት ስንኝ ቅኔ ይጀምራል። ከዚያ ዛፍ ሥር ብቻውን ተቀምጦ ቅኔ ይቆጥራል። ልጅ ሆኜ አንዱን አይቻለሁ። ዐይኑ ቅጠሉ ላይ ተተክሏል፣ ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል፣ ጣቱ ጉልበቱ ላይ ይቆጥራል፣ ሰላም ስለው አልሰማኝም። ሮጬ ቤት ገባሁ። ለካ የግዕዝ ቤት እየመታ ነበር። የትናንቱ ቅኔ ለዛሬ አይሆንም፣ በየጊዜው አዲስ ይፈለጋል። ሌሊት ድምፁ የሚሰማው ደብተራም ማኅሌት ላይ ነው። በተለይ ከመስከረም 26 እስከ ኅዳር 5፣ በዘመነ ጽጌ፣ ቅዳሜ ማታ ቆመው እሑድ ያነጋሉ።

ክታብ የሚጽፍ የለም ወይ? አለ። ቤተ ክርስቲያን ብታወግዘውም አለ። በባለቤቱ ቁመት ልክ የተቆረጠ ብራና ላይ፣ ሕፃናትን ገደለች የተባለችው የውርዝልያና የቅዱስ ሱስንዮስ ታሪክ ይጻፋል። ሕፃን በምን እንደሚሞት በማይታወቅበት ዘመን፣ ሁለት ሦስት ልጅ የቀበረች እናት ያንን አንገቷ ላይ ብታስር እኔ አልፈርድባትም። ዛሬ ግን ልጁ ሲያተኩሰው መጀመሪያ ጤና ጣቢያ።

«ዱካክ ደረት ላይ የሚወጣ ሰይጣን ነው።» ዱካክ የተጫነው ሰው ውሸቱን አይደለም። ዐይን ያያል፣ እጅ አይታዘዝም፣ ደረት ይከብዳል፣ ጥግ ላይ አንድ ነገር የቆመ ይመስላል። ሕልም በምናይበት የእንቅልፍ ክፍል አእምሯችን ጡንቻችንን እንዳይንቀሳቀስ ያደርገዋል፣ እንዳንወራጭ። አንዳንዴ ጡንቻው ሳይነቃ እኛ ቀድመን እንነቃለን። የሕልሙ ጭራ ገና ዐይናችን ላይ ነው። ከሰከንዶች እስከ ጥቂት ደቂቃ ቆይቶ ይለቃል። ካናዳ ውስጥ ኒውፋውንድላንድ የሚኖሩ ሰዎችም ያውቁታል፣ «አሮጊቷ» ይሏታል። እንቅልፍ ያጣ፣ የተጨነቀ፣ በጀርባው የተኛ ሰው ላይ ይበዛል። በጎን መተኛትና ሰዓት ጠብቆ መተኛት ይረዳል። ቶሎ ቶሎ ከተመላለሰና ቀን ቀንም እንቅልፍ ከጣለ ሐኪም ማየት ነው።

የመጨረሻው «ቡዳ ሌሊት ጅብ ይሆናል» የሚለው ነው። ጆሮው ላይ ሎቲ ያለው ጅብ ተገድሎ ጠዋት ቀጥቃጩ ሞቶ ተገኘ ይባላል። ሁልጊዜ ያየው ሰው የሌላ መንደር ሰው ነው። ጅብ በራሱ የሚገርም እንስሳ ነው፣ ሰው መሆን አያስፈልገውም። ዐይኑ በባትሪ የሚያበራው ከውስጥ ብርሃን የሚመልስ ሽፋን ስላለው ነው። ሳቅ የሚመስለው ድምፁ ሲደናገጥ ወይም በጉልበተኛ ሲገፋ የሚያወጣው ነው። ሴቷ ከወንዱ ትገዝፋለች፣ ብልቷም የወንድ ስለሚመስል «ሁለት ፆታ አለው» ተባለ። አጥንት ስለሚበላ ኩሱ ነጭ ነው። መቃብር አካባቢ የሚታየውም ምግብ ፍለጋ ነው።

ስለ ጅቡ የሚወራው ተረት ሆኖ ቢቀር ደስ ባለኝ፣ አያ ጅቦን እወደዋለሁና። ችግሩ ተረቱ ስም ሲሰጠው ነው። የታመመውን ጤና አዳምና ጭስ እያሸተቱ «ማነህ? ማን በላህ?» ይሉታል። በትኩሳት የሚቃዥ ሰው አንድ የጎረቤት ስም ይጠራል። ወባው ወይም የሆድ በሽታው ሳይታከም ይቀራል፣ ስሙ የተጠራው ሰው ደግሞ ዕድሜ ልኩን ይሸሻል። ሁልጊዜ የሚጠሩት ቀጥቃጩ፣ ፋቂው፣ ሸክላ ሠሪዋ ናቸው። አፄ ምኒልክ ባለሙያን በሥራው መስደብ በአዋጅ ከልክለው ነበር፣ ዛሬም አልቆመም።

ሦስተኛ ክፍል አብራኝ የተቀመጠች ልጅ እናቷ ሸክላ ሠሪ ነበረች። ምሳ ስንበላ እሷ ስትዞር ሁላችንም እንጀራችንን በእጃችን እንሸፍናለን። እኔም እሸፍን ነበር። አንድ ቀን አየችኝ። ምንም አላለችም። ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረችና እስኪደወል እንደዚያው በላች። ከዚያ ቀን በኋላ ሁልጊዜ ወደ ግድግዳው ዞራ ነበር የምትበላው። ይህን ለእህቴ ልጅ ስነግረው ቤቱ ጸጥ አለ። እናቴ ሁለተኛውን ቡና እየቀዳች ነበር። ጀበናውን አስቀመጠችና ቀስ ብላ፣ «ይቺን የሠራችው እኮ እናቷ ናት» አለች።