ዓይነ ስውራኑና ዝሆኑ፦ «ሁላችሁም ልክ ናችሁ» የማይለው ብሂል

ክርክር ሲጦዝ መሀል ገብቶ ማብረድ የሚወድ ሰው ይህችን ተረት ይመዝዛል። ዝሆን አይተው የማያውቁ ዓይነ ስውራን ዝሆን ዳሰሱ፤ እግሩን የያዘው «ምሰሶ ነው» አለ፣ ጆሮውን የያዘው «ሰፌድ ነው» አለ። «እንግዲህ ሁላችሁም ልክ ናችሁ» ይባልና ጨዋታው ይለወጣል። ብሂሉ በተወለደበት በሕንድ ግን ነገሩ እዚያ ላይ አያልቅም። ጄይን የተባለው ጥንታዊ የሕንድ ሃይማኖት ሊቃውንት ሲጠቅሱትማ አስታራቂ ሽማግሌ አይመስሉም፤ በእነርሱ አፍ ተግሣጽ ነው።

የሳንስክሪት ስሙ «አንድሃ ጋጃ ኒያያ» ነው። አንድሃ ዓይነ ስውር፣ ጋጃ ዝሆን፣ ኒያያ ደግሞ እዚህ ላይ የታወቀ ምሳሌ ማለት ነው። የጥንት ተከራካሪዎች ታሪኩን ከሥር ከመሠረቱ አይተርኩትም፤ ስሙን ጣል አድርገው ያልፋሉ። እኛስ ተረቱን ትተን መቋጫውን ብቻ እንናገር የለ?

በጽሑፍ ከቆዩት ጥንታዊ ቅጂዎች አንዱ የቡድሂስቶች ሲሆን ፓሊ በተባለው ጥንታዊ የሕንድ ቋንቋ በተጻፈው ኡዳና የተባለ ቅዱስ መጽሐፋቸው ውስጥ ይገኛል። በሳቫቲ ከተማ የልዩ ልዩ እምነት መናንያን «ዓለም ዘላለማዊ ነው»፣ «የለም፣ አይደለም» እየተባባሉ በቃል ጦር ይወጋጋሉ። ቡድሃ ይህ ሲነገረው የአንድ ንጉሥ ታሪክ ያወራል። ንጉሡ ከተወለዱ ጀምሮ የማያዩ ሰዎችን አስጠርቶ ዝሆን ያስዳስሳቸዋል። ከምዕራቡ ዓለም ዞሮ የደረሰን ቅጂ ግድግዳ፣ ጦር፣ እባብ፣ ገመድ እያለ ይቆጥራል፤ የፓሊው ግን ከገበሬ ቤት የተለቀመ ነው። ጭንቅላቱን የነካው እንስራ ነው አለ። ጆሮው ሰፌድ፣ ጥርሱ ማረሻ፣ ኩምቢው ሞፈር፣ ገላው ጎተራ፣ እግሩ ምሰሶ፣ ታፋው ሙቀጫ፣ ጅራቱ ዘነዘና፣ የጅራቱ ጫፍ መጥረጊያ ሆነ። ወደ አማርኛ ሲመለስ አንድም ቃል መበደር አያስፈልግም፤ ዕቃው ሁሉ ከጓዳችንና ከደጃችን አለ። ሰዎቹ በመጨረሻ በቡጢ ይቃመሳሉ፤ ንጉሡም በዚህ ደስ ይለዋል። ይህን ንጉሥ ወድጄው አላውቅም።

ጄይኖች ብሂሉን የያዙት ከዋና ትምህርታቸው ጋር አስተሳስረው ነው፤ ትምህርቱ አኔካንታቫዳ ይባላል። «አን» አፍራሽ፣ «ኤካ» አንድ፣ «አንታ» ጫፍ ወይም ወገን፣ «ቫዳ» ትምህርት ነው፤ ሲገጣጠም «አንድ ወገን ብቻ የለውም» እንደ ማለት። ብዙ ወገን ያለው ነገሩ ራሱ መሆኑን ልብ ይሏል፤ የሰው አስተያየት መለያየት ከዚያ በኋላ የሚመጣ ነው። ማሊሴና የተባለው ሊቅ እ.ኤ.አ. በ1292 በጻፈው ትርጓሜ ዓይነ ስውራኑን የሚጠራው፣ ያወቁትን አንድ ገጽ ይዘው ያላወቁትን የሚክዱትን ለመውቀስ ነው። ስለዚህ «ምሰሶ ነው» ያለውን ሰውዬ መዳፉ አልዋሸውም፤ ጥፋቱ «ሰፌድ የሚባል ነገር የለም» ማለቱ ላይ ነው።

ማሊሴና የተረጎመው የሄማቻንድራን ግጥም ነው። ይህ የ12ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የጉጃራት ሊቅ ጉዳዩን በሦስት አነጋገር ለይቶታል። «ነው፣ ሌላ አይደለም» ማለት ስሕተት ነው። «ነው» ብሎ ማቆም ከፊል ዕውቀት ነው። «ከአንድ ወገን ሲታይ ነው» ማለት ደግሞ የተሟላ ዕውቀት ነው። ለሦስተኛው የሚጠቀሙበት ቃል «ስያት» ይባላል። ብዙዎች «ምናልባት» ብለው ይፈቱታል፤ እኔ አልስማማም። ምናልባት የሚል ሰው እርግጠኛ አይደለም፤ ስያት የሚል ግን በየት በኩል እንደሚናገር ጠንቅቆ ያውቃል። አማርኛችን «በአንድ በኩል» የሚል የተዘጋጀ ቃል አለው።

ለዚህ ምሳሌ የሚሆን አለ፤ ባጋቫቲ ሱትራ በተባለው የጄይኖች ቅዱስ መጽሐፍ ላይ ጃያንቲ የተባለች ሴት ታላቁን መምህራቸውን ማሃቪራን ትጠይቀዋለች፦ መተኛት ይሻላል ወይስ መንቃት? ክፉ ለሚሠራ መተኛት፣ በጎ ለሚሠራ መንቃት ይሻላል ሲል ይመልስላታል። በመልሱ ውስጥ ማመንታት የሚባል ነገር የለም።

ሌላም የሚረሳ ነገር አለ። በጄይኖች እምነት ዝሆኑን ሙሉ ለሙሉ የሚያይ አለ፤ ኬቫላ የተባለው ፍጹም ዕውቀት ላይ የደረሰ። «እውነት እንደ ሰዉ ነው» የሚል ሰው ጥቅሱን ከእነርሱ ባይወስድ ይሻለዋል። የቀድሞ ሊቃውንቶቻቸውም ትምህርቱን ተቀናቃኞቻቸውን በክርክር ለመርታት ያውሉት ነበር፤ የመቻቻል ትምህርት ተደርጎ በሰፊው የተወደሰው በ20ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ነው። ጋንዲ ለምሳሌ እ.ኤ.አ. በ1926 ሙስሊሙን በራሱ በሙስሊሙ ዓይን፣ ክርስቲያኑንም በክርስቲያኑ ዓይን መመዘን የተማረው ከዚህ ትምህርት እንደሆነ ጽፏል። ንባቡ መልካም ነው፤ ጥንታዊ ግን አይደለም።

ለነገሩ ከዝሆኑ ይልቅ ሳማንታባድራ የተባለው የጥንት መምህራቸው በአንዲት ግጥም ያስቀመጠውን ምሳሌ እመርጣለሁ። የወርቅ ማሰሮ ቀልጦ ዘውድ ይሆናል። ማሰሮ ፈላጊው ያዝናል፣ ዘውድ ፈላጊው ይደሰታል፣ ወርቅ ፈላጊው ደግሞ ምንም አይመስለው። ሦስቱም ያለ ምክንያት እንዳልሆኑ ግጥሙ ይመሰክርላቸዋል፤ አንዱ ጠፋ ያለው፣ አንዱ ተገኘ ያለው፣ አንዱም እንዳለ አለ ያለው ያንኑ ወርቅ ነውና። እዚህ ላይ ሁሉም ያያሉ፤ ቆሞ የሚስቅ ንጉሥም የለም።